ጥሩ እንጨት የቱ ነው?

በአምቦና በአካባቢው ለሚገኙ አዲስ አንባብያን የተደረገ ንግግር



የዛሬው ንግግራችን ስለ እንጨት ነው። «ስለ እንጨት ደግሞ ምን ይነገራል? ከልጅነታችን ጀምሮ እንጨት ስንፈልጥ፣ እንጨት ስንሸከም የኖርን ሰዎች አይደለንም እንዴ?» የሚል አይጠፋም። ልክ ነው። ቤታችን የቆመው በእንጨት ነው፤ ሞፈራችን፣ ቀንበራችን፣ አልጋችን፣ በራችን እንጨት ነው። ነገር ግን ከእንጨት ጋር መኖር ሌላ፣ እንጨትን አውቆ መግዛት ሌላ ነው።

ነገሩ ቀላል እንዳይመስላችሁ። አንድ ሰው ቤት የሚሠራው በዕድሜው አንድ ጊዜ፣ ቢበዛ ሁለት ጊዜ ነው። ለዚህም በሬ ይሸጣል፣ ዕቁብ ይገባል፣ ከዘመድ ይበደራል። ይህ ሁሉ ከሆነ በኋላ ቋሚው ከሥሩ በስብሶ፣ ወራጁ ጎብጦ፣ ቤቱ በጥቂት ዓመት ውስጥ ወደ አንድ ጎን ቢያዘነብል ማን ይጠየቃል? ሻጩ ገንዘቡን ተቀብሎ ሄዷል። እንጨቱም አይናገርም። ጉዳቱ የሚቀረው እዚያ ቤት ውስጥ በሚያድሩት ላይ ነው።

ስለዚህ ዛሬ ሦስት ነገሮችን እናያለን። አንደኛ፣ የእንጨት ደረጃ ማለት ምን ማለት እንደሆነ፤ ሁለተኛ፣ ለየትኛው ሥራ የትኛው እንጨት እንደሚሻል፤ ሦስተኛ፣ ገንዘብ ከመክፈላችን በፊት ምን ማየት፣ ምን መለካት፣ ምን መጻፍ እንዳለብን።

ደረጃ ማለት ምን ማለት ነው?

እንጨት ተራ ስንሄድ ሻጩ «ይሄ አንደኛ ነው!» ይለናል። እሺ፤ አንደኛ የሆነው ለምኑ ነው? ለበር ነው? ለጣራ ነው? ወይስ መሬት ውስጥ ለሚቀበር ቋሚ? ይህ ሳይታወቅ «አንደኛ» የሚለው ቃል ባዶ ቃል ነው። ለበር አንደኛ የሆነ ጣውላ መሬት ውስጥ ቢቀበር ቶሎ ሊበሰብስ ይችላል። ለቋሚ አንደኛ የሆነው ደግሞ ለጠረጴዛ አስቸጋሪ ሊሆን ይችላል።

በሌሎች አገሮች ይህን ጉዳይ በሁለት ከፍለው ያዩታል። አንደኛው ክፍል ለቤት ዕቃ የሚሆነው ነው። በአሜሪካ የጣውላ ነጋዴዎችና ባለ ፋብሪካዎች በ1890 ዓ.ም. (በፈረንጆች 1898) ማኅበር አቋቁመው የጣውላ ደረጃ ደንብ አወጡ። ሐሳቡ እንዲህ ነው። አንድን ጣውላ በ12 እኩል ክፍሎች እንደተከፈለ አድርጋችሁ አስቡት። አንጓና ስንጥቅ የሌለበት፣ በደንብ ሊቆረጥ የሚችለው ንጹሕ ቦታ ከ12ቱ 10ሩን ከያዘ ጣውላው ከላይኛው ደረጃ ይመደባል። 8ቱን ብቻ ከያዘ ዝቅ ይላል፤ 6ቱን ብቻ ከያዘ ደግሞ ከዚያም ይወርዳል። ዋጋውም እንደዚያው ነው።

ሁለተኛው ክፍል ለሕንፃ የሚሆነው ነው። የጣራና የወለል እንጨት ዋናው ነገሩ መልኩ ሳይሆን የሚሸከመው ኃይል ነው። እዚህ ላይ መርማሪው የሚጠይቀው «አንጓው ምን ያህል ትልቅ ነው? የት ላይ ነው ያለው? የእንጨቱ ክር ቀጥ ብሎ ይሄዳል ወይስ አግድም ያመልጣል?» ብሎ ነው። ከምርመራው በኋላ ደረጃው በማኅተም እንጨቱ ላይ ይታተማል። ገዢው የሚያነበው ያንን ነው።

እኛ ዘንድ፣ በአምቦም ሆነ በጉደር፣ በጊንጪም ሆነ በጌዶ፣ አጠናና ጣውላ አብዛኛውን ጊዜ የሚሸጠው በውፍረት፣ በርዝመትና በቁጥር ነው። ማኅተም የለበትም። እንግዲህ ማኅተሙን ማንበብ ካልቻልን እንጨቱን ራሱን ማንበብ ሊኖርብን ነው።

የዛፎቻችን ጠባይ

ምዕራብ ሸዋ በዛፍ ዓይነት የታደለ አገር ነው። ከጊንጪ በስተሰሜን ያለው የጭልሞ ደን ጥድና ዝግባ ያለበት ጥንታዊ ደን ነው። የዛፎቹን ስም በአማርኛም በኦሮምኛም ታውቁታላችሁ፤ ጠባያቸውን ግን አንድ በአንድ እንያቸው።

ጥድ፣ በኦሮምኛ ጋቲራ፤ መካከሉ ቀላ ያለ፣ ሽታው ደስ የሚል እንጨት ነው። ይህ ቀዩ ልቡ ብስባሴንና ምስጥን ይቋቋማል። አባቶቻችን ለአጥርና ለቋሚ የመረጡት በዚህ ምክንያት ነው። ጉድለቱ፣ ምስማር ሲመቱበት ቶሎ ይሰነጠቃል። በነገራችን ላይ፣ እንግሊዞች ይህን ዛፍ «የአፍሪካ የእርሳስ ጥድ» ይሉታል፤ ለመጻፊያ እርሳስ መሥሪያ ይውል ስለነበረ ነው።

ዝግባ፣ በኦሮምኛ ቢርቢርሳ፤ ቀጥ ያለ፣ ለስላሳ፣ በመጋዝና በመላጊያ በደንብ የሚታዘዝ ነው። ለበር፣ ለመስኮት፣ ለጠረጴዛ እጅግ ጥሩ ነው። ነገር ግን እርጥበት ያለበት መሬት ውስጥ አይቀበርም፤ ይበሰብሳል።

ዋንዛ፣ በኦሮምኛ ወዴሳ፤ ለሥራ የሚመች፣ መልኩም የሚያምር ነው። በር፣ አልጋ፣ ከበሮ ይሠራበታል።

ወይራ፣ በኦሮምኛ ኤጄርሳ፤ ከባድና ጠንካራ ነው። ለመጥረቢያ እጀታና ለቋሚ ይሆናል፤ ለጣውላ ግን መጋዙንም አናጢውንም ያደክማል።

ባሕር ዛፍ፣ በኦሮምኛ ባርገሞ፤ ቶሎ ያድጋል፣ ቀጥ ይላል፣ ኃይልም አለው። ለወራጅና ለማገር የምንጠቀምበት እሱን ነው። ነገር ግን ሲደርቅ ይሰነጠቃል፣ ይጣመማል። በለጋነቱ የተቆረጠው ደግሞ ምስጥና ነቀዝ ይደፍረዋል።

የፈረንጅ ጥድ፤ ስሙ ጥድ ይባል እንጂ የአገራችን ጥድ አይደለም። ትውልዱ ከሜክሲኮና ከመካከለኛው አሜሪካ ነው። ቀላልና ለመጋዝ የሚመች ስለሆነ ለጣውላና ለሞራሌ ይውላል። ቅርንጫፉ በጊዜው ካልተመለመለ ግን አንጓው ይበዛል።

ታዲያ ጥድና ዝግባ ጥሩ ከሆኑ፣ ለምን እነሱን ብቻ አንገዛም?

ይህ ጥያቄ መልስ ያስፈልገዋል። ጥድም ዝግባም ለመድረስ ብዙ ዓመት ይፈጅባቸዋል። የሚቆረጠው ግን በአንድ ቀን ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የደን አዋጅ ኮሶ፣ ዋንዛ፣ ዝግባና ጥድ ከመንግሥትና ከክልል ደኖች እንዳይቆረጡ የከለከለው ሊጠፉ ስለተቃረቡ ነው። ስለዚህ አንድ ሰው የጥድ ወይም የዝግባ እንጨት ይዞ ቢመጣ፣ የመጀመሪያው ጥያቄያችን «ከየት የተቆረጠ ነው? ፈቃዱስ የታለ?» መሆን አለበት። በስርቆሽ የተቆረጠ እንጨት ለዓይን ቢያምርም ጥሩ እንጨት አይደለም። ገዢውንም ከሕግ ያጋጫል።

እንጨት ሲያልቅ ምን እንደሚመጣ ለማወቅ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ከአምቦ ወደ አዲስ አበባ ስንሄድ አዲስ ዓለምን እናልፋለን። በአዲስ አበባ ዙሪያ ያለው ደን ተመንጥሮ የማገዶና የቤት መሥሪያ እንጨት ስለጠፋ፣ ዳግማዊ ምኒልክ በ1890ዎቹ ዋና ከተማቸውን ወደዚያ ለማዛወር አስበው ቤተ መንግሥት ማሠራት ጀምረው ነበር። እንግዲህ አስቡት፤ በእንጨት ምክንያት ከተማ ሊነቀል! ሐሳቡ በኋላ ቀረ፤ ሕንፃውም የማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ። አዲስ አበባን በቦታዋ ካቆዩት ነገሮች አንዱ በ1880ዎቹ መጨረሻ ገደማ ከውጭ የገባው፣ ትውልዱ ከአውስትራሊያ የሆነው ባሕር ዛፍ ነው።

ስለዚህ ዛሬ አብዛኞቻችን የምንሠራው በባሕር ዛፍና በፈረንጅ ጥድ ነው። ይህ የሚያሳፍር ነገር አይደለም። ጥያቄው፣ ይህን በእጃችን ያለውን እንጨት እንዴት እንምረጥ፣ እንዴትስ ብዙ ዓመት እናቆየው የሚለው ነው።

ከመግዛት በፊት የሚደረግ ምርመራ

1ኛ. ቀጥተኛነቱን ማየት። እንጨቱን ከአንዱ ጫፍ አንሥቶ፣ አንድ ዓይን ጨፍኖ፣ እስከ ሌላው ጫፍ ማየት ነው። ጥርጣሬ ካለ ሲባጎ ከጫፍ እስከ ጫፍ ወጥሮ ማመሳከር ይቻላል።

2ኛ. አንጓውን ማየት። አንጓ ማለት ቅርንጫፍ የነበረበት ቦታ ነው። ከእንጨቱ ጋር ተያይዞ የጠበቀ ትንሽ አንጓ ብዙ አይጎዳም። ዙሪያው የጠቆረና በጣት ሲነኩት የሚነቃነቅ ከሆነ ግን ነገ ወድቆ ቀዳዳ ይሆናል። ደግሞም ቦታው ትልቅ ነገር ነው። ሸክም ያለበት አግዳሚ ሲጎብጥ የላይኛው ጎኑ ይጨመቃል፤ የታችኛው ጎኑ ይለጠጣል። ስለዚህ ትልቅ አንጓ በመካከሉ ከታች በኩል ካለ እንጨቱ የሚሰበረው እዚያ ላይ ነው።

3ኛ. ክሩን ማየት። ትንንሽ ስንጥቆቹ ወዴት እንደሚሄዱ ተመልከቱ። ከእንጨቱ ርዝመት ጋር አብረው ከሄዱ መልካም ነው። አግድም ወደ ጎን ካመለጡ እንጨቱ በዚያው መስመር ለመሰበር የተዘጋጀ ነው ማለት ነው።

4ኛ. ጫፉን ማየት። የግንዱን መቁረጫ ስታዩ መካከል ላይ ጠቆር ወይም ቀላ ያለው ልቡ ነው፤ ከቅርፊቱ ሥር ያለው ነጣ ያለው ደግሞ ለጋው ክፍል ነው። ነቀዝና ብስባሴ መጀመሪያ የሚገቡት በዚህ ነጭ ክፍል ነው። ለቋሚ ልቡ የበዛውን ምረጡ።

5ኛ. መትቶ ማዳመጥ። በመዶሻ ወይም በድንጋይ ቀስ አድርጎ መምታት ነው። ጤነኛና ደረቅ እንጨት ጥርት ያለ ድምፅ ይሰጣል። የበሰበሰ ወይም የተቦረቦረ የታፈነ ድምፅ ያሰማል። ትንንሽ ቀዳዳና ደቃቅ ዱቄት ካያችሁም ነቀዝ ገብቷል፤ ተዉት።

6ኛ. እርጥበቱን መመርመር። ዋናው ይኼ ነው፤ ስለዚህ ለብቻው እንየው።

እርጥብ እንጨትና ደረቅ እንጨት

ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ይባላል። ትናንት ተቆርጦ ዛሬ የተመታ እንጨትም እንዲሁ ነው። የቆመ ዛፍ በውስጡ ብዙ ውሃ አለው። ያ ውሃ የሚወጣው ቤቱ ከተሠራ በኋላ ከሆነ በሩ አልዘጋ ይላል፤ ምስማሩ ይላላል፤ በጣውላና በጣውላ መካከል ጣት የሚያስገባ ክፍተት ይመጣል።

ምክንያቱ ይህ ነው። የእንጨት እርጥበት ወደ 30 በመቶ ገደማ እስኪወርድ ድረስ የእንጨቱ መጠን ብዙም አይለወጥም። ከዚያ በታች ሲወርድ ግን መኮማተር ይጀምራል። በርዝመቱ የሚኮማተረው እጅግ ጥቂት ነው። በዕድገት ቀለበቶቹ ዙሪያ የሚኮማተረው ደግሞ ከልቡ ወደ ዳር ከሚኮማተረው እጥፍ ያህል ይሆናል። አንዱ ጎን ከሌላው ይልቅ ሲኮማተር ጣውላው ይጣመማል፣ ይሰነጠቃል።

እርጥበቱን በቁጥር ማወቅ ከፈለጋችሁ ሚዛን ይበቃል። ከእንጨቱ ትንሽ ቁራጭ ወስዳችሁ መዝኑ፤ 900 ግራም ሆነ እንበል። ከዚያ ሳይቃጠል ምድጃ አጠገብ አድርቁት፤ ክብደቱ መቀነስ እስኪያቆም ድረስ እየደጋገማችሁ መዝኑት። በመጨረሻ 600 ግራም ቢሆን የወጣው ውሃ 300 ግራም ነው። 300ን ለ600 ስናካፍል ግማሽ ይሆናል፤ ስለዚህ እርጥበቱ 50 በመቶ ነበር። ለቤት ዕቃ የሚሆን እንጨት ግን ወደ 12 በመቶ ገደማ መድረስ አለበት።

እንጨት የሚደርቀው በፀሐይ ሳይሆን በነፋስ ነው ብላችሁ ያዙት። በበጋ ፀሐይ የተሰጣ ባሕር ዛፍ ውጪው ቶሎ ደርቆ ውስጡ እርጥብ ስለሚቀር ይሰነጠቃል። ትክክለኛው አሠራር ይህ ነው። ቅርፊቱን ቶሎ ላጡት፤ ነቀዝ የሚደበቀው እዚያ ሥር ነው። ጣውላውን ከመሬት ከፍ አድርጋችሁ ድንጋይ ላይ ደርድሩ። በየድርድሩ መካከል ውፍረታቸው እኩል የሆነ ቀጫጭን እንጨቶች ጣል ጣል አድርጉ፤ ከላይ እስከ ታችም በአንድ መስመር ይሁኑ። ነፋስ በመካከሉ ይለፍ፤ ከላይ ግን ከዝናብና ከፀሐይ ይከለል። ጫፍ ጫፉን ቀለም ወይም ሰም መቀባት መሰንጠቁን ይቀንሳል። ስስ ጣውላ በወራት ይደርቃል፤ ወፍራሙ ከዓመት በላይ ሊፈጅ ይችላል።

ቋሚን በተመለከተ አንድ ነገር ልጨምር። ቋሚ ብዙ ጊዜ የሚበሰብሰው ጥልቅ ውስጥ ሳይሆን መሬቱ ወለል ላይ፣ እርጥበትና አየር በሚገናኙበት ስንዝር በሚያህል ቦታ ነው። ስለዚህ የሚቻለው ሰው የድንጋይ መሠረት አሠርቶ እንጨቱን ከመሬት ያርቅ። ወደ ባኮ በኩል ዝቅ እያልን ስንሄድ ምስጥ ስለሚበረታ ይህ ምክር ለዚያ ላሉት በይበልጥ ይጠቅማል። የተቃጠለ ዘይት የሚቀቡም አሉ፤ ነገር ግን እርጥብ እንጨት ዘይቱን ወደ ውስጥ አያስገባም። ከማድረቅ በፊት መቀባት ዘይቱን ማባከን ነው።

ለክቶ መቀበል፣ ጽፎ መክፈል

አሁን ፊደል ለይታችኋል፤ ቁጥርም ታውቃላችሁ። ይህ ዕውቀት ገበያ ላይ ካልዋለ ምን ያደርጋል?

አንድ ሰው 5 ሳንቲ ሜትር ውፍረት፣ 20 ሳንቲ ሜትር ስፋት፣ 4 ሜትር ርዝመት ያለው ጣውላ ገዛ እንበል። ሦስቱን በሜትር አድርገን ስናባዛ፣ 0.05 በ0.20 በ4፣ ውጤቱ 0.04 ሜትር ኩብ ነው። እንዲህ ያለ ጣውላ 25 ሲሆን ልክ 1 ሜትር ኩብ ይሞላል። አሁን ጣውላው በሜትር ሲለካ ውፍረቱ 4 ሳንቲ ሜትር ተኩል፣ ስፋቱ 19 ሳንቲ ሜትር ሆኖ ቢገኝስ? አንዱ ጣውላ 0.0342 ሜትር ኩብ ይሆናል፤ 25ቱ ተደምረው 0.855 ብቻ ናቸው። የጎደለው 0.145 ሜትር ኩብ ነው። ይህም ከሦስት ጣውላ ተኩል በላይ ነው! ዓይን ያላየው ግማሽ ሳንቲ ሜትር ውፍረትና አንድ ሳንቲ ሜትር ስፋት ሦስት ጣውላ ተኩል በላ።

በእርግጥ በእርጥብነቱ 5 ሳንቲ ሜትር የተሰነጠቀ ጣውላ ሲደርቅ ጥቂት ይቀንሳል። ሻጩን ሁሉ ሌባ ማለት አይገባም። መፍትሔው ሲለካ እርጥብ ይሁን ደረቅ አስቀድሞ ተነጋግሮ መጻፍ ነው። ለምሳሌ እንዲህ፦

«25 ጣውላ። ዓይነቱ የፈረንጅ ጥድ። ውፍረት 5 ሳንቲ ሜትር፣ ስፋት 20 ሳንቲ ሜትር፣ ርዝመት 4 ሜትር፤ የተለካው በደረቁ ነው። የሚነቃነቅ አንጓና ነቀዝ ያለበት አይቀበልም። ዋጋ … ብር። ቀን …። የሻጭ ፊርማ …። የገዢ ፊርማ …።»

ይኼው ነው፤ ከዚህ አይበልጥም። ቀድሞ በአውራ ጣት እየፈረሙ ያልተነበበላቸውን ነገር የተቀበሉ ስንት ሰዎች አሉ!

ዋጋን በዓመት ማሰብም ያስፈልጋል። ለስሌት ያህል፣ አንዱ ቋሚ 100 ብር ሆኖ 4 ዓመት ቢያገለግል በዓመት 25 ብር ወሰደ። ሌላው 300 ብር ሆኖ 24 ዓመት ቢቆም በዓመት 12 ብር ከ50 ሳንቲም ነው። ታዲያ ርካሹ የትኛው ነው?

የገዛነውንም በትክክል እናቁመው። 5 በ7 የሆነ ሞራሌ በጠባቡ ጎኑ ላይ ቆሞ፣ ማለት 7ቱ ወደ ላይ ሆኖ ሲጫን፣ ተጋድሞ ከሚሸከመው 40 በመቶ ያህል የበለጠ ይሸከማል። እንጨቱ ያው ነው፤ ዋጋውም ያው ነው።

ማጠቃለያ

ወገኖቼ፤ ጥሩ እንጨት ማለት ውድ እንጨት ማለት አይደለም። ጥሩ እንጨት ለሥራው የተስማማ፣ ጤነኛ፣ የደረቀ፣ የተለካ፣ ከሕጋዊ ቦታ የመጣ ነው። የአገራችን አናጢዎች ከዚህ አብዛኛውን በእጃቸው ያውቁታል፤ ጠይቋቸው፣ የነገሯችሁንም ጻፉ። በጭልሞ ነዋሪው ተደራጅቶ ደኑን ከመንግሥት ጋር በጋራ ሲያስተዳድር የኖረው፣ ጥቅሙ የራሱ መሆኑን ስላወቀ ነው። እኛም 10 ዓመት ብቻ የሚቆም ቤት 20 ዓመት እንዲቆም ብናደርግ፣ ለአንድ ቤት ሁለት ጊዜ የሚቆረጠው ዛፍ አንድ ጊዜ ብቻ ይቆረጣል። የቀረው ለልጆቻችን ይቆማል።



ጥያቄዎች

1. ለበር ጥሩ የሆነ እንጨት ለቋሚ የማይሆነው ለምንድን ነው? አንድ ምሳሌ ስጡ።
2. አግዳሚ ላይ ያለ ትልቅ አንጓ የበለጠ የሚጎዳው የት ቦታ ሲሆን ነው?
3. 800 ግራም የነበረ እርጥብ ቁራጭ ደርቆ 500 ግራም ቢሆን እርጥበቱ ስንት በመቶ ነበር?
4. በሰፈራችሁ ያለ አንድ ቤት ቋሚው ምን ዓይነት እንጨት እንደሆነና ስንት ዓመት እንደቆመ ጠይቃችሁ ጻፉ።